ሠላሳ አንደኛው ሞት

ኤድና ፍሌቸር ስካይዌይ በተባለው ሰፈር፣ ሐበሾች በሚያስተዳድሩት የአረጋውያን መኖሪያ ሳሎን ውስጥ፣ ወንበሯ ላይ ራሷን ዘንበል እንዳደረገች ሞታለች። እንግሊዛዊቷ በወጣትነቷ ሠላሳ ፊልም ሠርታ በሠላሳውም ተገድላለች፤ መሪ ሚና ግን አንድም ቀን አልደረሳት።

የስቴቱ መርማሪ ይርጉ ችኩል ሰው አይደለም። በልቡ «ነፍስ ይማር» ብሎ መዝገቡን ገለጠ። «ከምሳ በኋላ፦ ደህና ናት» ይላል፣ በተንከባካቢዋ በጥሩነሽ እጅ ጽሑፍ። ሐኪሙ ግን ያኔ ሞታ እንደነበር፣ ጉሮሮዋን የዘጋትም ምግብ እንደሆነ ነግሮታል።

«ሶ፣ ሳታያት ነው የጻፍሽው?»

«ኧረ አይቻታለሁ፣ ጋሽ ይርጉ! በየቀኑ እኮ ትሞትብናለች። ትንፋሿን ዋጥ አድርጋ ዝም ትላለች፣ እናጨበጭብላታለን፣ ሲያሻት ትነሳለች። ቀድሞ የነካትን ሰው ሦስት ቀን ታኮርፈዋለች። የሥራ ፈቃዴን ከነጠቃችሁኝ ግን እኔ ሌላ ሥራ አላውቅም።»

«ምሳሽ ምን ነበር?»

«ረቡዕ አይደል እንዴ? ሽሮ።»

ሁለተኛው ሠራተኛ ዱሬሳ ጥብስ መብላቱን አልካደም። ቀኝ እጁ በጀሶ ስለታሰረ በግራው ሹካ ይዞ ነበር የበላው። የቤቱ ባለቤት ቢልቂስም ከዚያው ጥብስ ቀምሳ ወደ ገበያ ወጥታለች። «ስወጣ ደህና ነበረች» አለች፣ ፊቱን ሳታይ።

አስከሬኑ ከተወሰደ በኋላ ይርጉ ሦስቱንም ሳሎን አስቀመጣቸው።

«የኤድና ምግብ ተፈጭቶ በማንኪያ ነው የሚሰጣት። ከጉሮሮዋ የወጣው ግን በእንጀራ የተጠቀለለ ጥብስ ነው። ይሄ ጉርሻ ነው። ጥሩነሽ ጾመኛ ናት፣ ምሳዋ ሽሮ ነበር፤ ሥጋ አልነካችም። ዱሬሳ ደግሞ ቀኝ እጁ ታስሯል። በግራ ማን ያጎርሳል?»

«እናቴ ትገድለኝ ነበር» አለ ዱሬሳ። ማንም አልሳቀም።

ቢልቂስ ሻርፗን ጠበቅ አደረገች። «ወላሂ ለመነችኝ። አንድ አጎረስኳት። አንድ ጉርሻ ያጣላል ብዬ ደገምኳት። ጉሮሮዋን ይዛ ተንፈራገጠች፣ ከዚያ ጸጥ አለች። ዛሬስ አሳመረችው አልኩ። አጨብጭቤላት ወጣሁ።»

ይርጉ መዝገቡን ከደነው።

«ማስጠንቀቂያ ይጻፍብሻል እንጂ ፈቃድሽ አይነጠቅም» አላት ይርጉ ለጥሩነሽ። ጥሩነሽ አልሰማችውም፤ «እትዬ፣ እትዬ» እያለች ቢልቂስን አቅፋ ታለቅሳለች።

ቢልቂስ ከእቅፏ ቀና አለች። «ጋሽ ይርጉ፣ ያኔ ጀርባዋን ብመታት ትተርፍ ነበር?»

ሐኪሙ ይህንኑ ተጠይቆ «አዎ» ብሎታል። ይርጉ ሊዋሽላት አፉን ከፈተ፤ ፈጣሪውን አስቦ መልሶ ዘጋው። ቢልቂስ አፉን አፉን እያየች ትጠብቃለች።