ደም የሚያቆመው ዕንቁ

በዘርማን ከተማ ሰማይ ፀሐይ በጠራራ ቀን ደም ለበሰች። በዚያችው ዕለት ቀርፎ የተባለው ባለሁለት ምላስ አውሬ የቤተ መንግሥቱን ግምብ ንዶ፣ ደም የሚያቆመውን ዕንቁ ውጦ ሄደ። በጋሌ ወንዝ መሻገሪያ ጠላትን ሲመክቱ የቆሰሉ ሦስት መቶ ወታደሮች ደማቸው እየፈሰሰ ቀሩ። እነሱ ካለቁ ጠላት ተሻግሮ ከተማዋን ያርዳል።

የአንድ ወጌሻ ልጅ የሆነችው ትርንጎ በሊቀ ጠቢባኑ በዘውገ ፊት ቆመች።

«ጌታዬ፣ ይፍቀዱልኝ፤ ዕንቁውን አምጥቼ ቁስለኞቹን ላክም።»

«ሴት ቁስል ስትነካ የት ታየ? ሂጂ ወጥሽን አማስዪ!» ብሎ ድዱ እስኪታይ ሳቀ። ሃያ ዓመት ሙሉ ዕንቁውን በሣጥን ሲሳለም የኖረ፣ አንድ ቁስለኛ በእጁ ያልዳሰሰ ሰው! ወንበር የያዘ ሁሉ እንዲህ ነው።

«እንግዲያስ ያለ ፈቃድ ወዶ ዘማች ነኝ! ዕንቁውን ሳልይዝ ብመለስ ምድር አትቀበለኝ!»

የተከተላት ደረሶ የሚባል አንድ ጦረኛ ብቻ ነበር። የቀርፎን ዋሻ ሲገቡ አውሬው በጥፍሩ የደረሶን ሆድ ዘረገፈው። ደረሶም እየወደቀ ጦሩን በአውሬው ጉሮሮ ሰካ። ያን ጊዜ ትርንጎ የአውሬውን ሆድ በካራ ተርትራ፣ እስከ ክርኗ ገብታ፣ ዕንቁውን ከትኩስ አንጀት ውስጥ መዘዘች።

ደረሶ አንጀቱን ታቅፎ «ዘራፍ! እኔ አውሬ አራጁ...» ብሎ ጀመረ።

«አንተ፣ ፉከራውን ተውና ትንፋሽህን ያዝ!»

አንጀቱን ወደ ቦታው መልሳ ዕንቁውን ቁስሉ ላይ ተጫነች። ደሙ ቀጥ አለ፤ ሥጋው ገጠመ። የትርንጎ ትንሿ ጣት ግን እንደ ጧፍ ነደደች። ዕንቁው የሚሠራው የያዘውን ሰው ሥጋ እየበላ ነበርና።

«እህቴ፣ ጣትሽ!»

«ዘጠኝ አለኝ። ተነሥ!»

ወንዙ ዳር ደርሳ ቁስለኞቹን አንድ በአንድ አዳነች። የዚያው እጇ ጣቶች አለቁ፤ መዳፏ ከሰለ። ጥርሷን ነክሳ በጉማጅዋ ተጫነች። የመጨረሻው ሰው ሲነሣ ከእጅ አንጓዋ በታች ምንም አልቀረም። ሦስቱ መቶ ወንዙ ውስጥ ገብተው ጠላትን ቆራረጡት። ጋሌ ሦስት ቀን ቀይ ሆኖ ፈሰሰ።

ንጉሡ ካባ ሊሸልሟት ዙፋናቸው ፊት አስጠሯት። ግራ እጇን ዘረጋች። አዳራሹ አጉረመረመ።

«አሳዳጊ የበደላት!» አለ ዘውገ። «የንጉሥ ሽልማት በግራ ይቀበሉታል?»

ትርንጎ ዞር ብላ አየችው።

«ቀኙንማ ሦስት መቶ ሰው ተካፈለው፣ ጌታዬ።»