የሁለት ሚሊ ልዩነት

መምህር ሀብተ ሥላሴ የሞቱት ረቡዕ ጠዋት ነው። ከቢቸና ወደ ሞጣ ሲሄዱ፣ ቁልቁለቱ ላይ ነጭ አውቶሞቢላቸው ከመንገድ ወጥቶ ገደል ገባ። ገበሬዎች ወርደው ሲያዩ መኪናው በጣሪያው ተገልብጧል፤ ሰውየው መሪው ላይ እንደተደፉ ቀርተዋል፤ የፊት ግራው ጎማ ግን ቦታው ላይ የለም። ለብቻው ተንከባልሎ ጤፍ ማሳ ውስጥ ወድቋል።

የወንጀል መርማሪዋ ኢንስፔክተር ብሩክታይት ከሞጣ የደረሰችው ሬሳው ከተነሣ በኋላ ነበር። የጠበቃት ዝናብ፣ ጭቃና ፊቱን ያጠቆረ የትራፊክ ፖሊስ ነው።

«አንቺን ደግሞ ማን ጠራሽ?» አላት። «የመንገድ አደጋ ነው። ሰውየው ቅዳሜ ሞጣ ላይ አራት ጎማ ከነቸርኬው ገዝተው ነበር። ሻጩ ልኩ ያልሆነ ቸርኬ ሰጥቷቸው ተነቀለ። ፋንታ የሚባለውን ጎማ ሻጭ ሕዝቡ ሊገድለው ሲል አስጥለን አስረነዋል። በቃ፣ አለቀ።»

«ላንተ አልቋል» አለችና ማሳው ውስጥ ገባች።

የወደቀው ቸርኬ፣ ጎማውን የያዘው ብረት፣ ባለ አምስት ጣት፣ ግራጫ ነው፤ መኪናው ላይ ከቀሩት ሦስቱ ጋር መንታ ይመስላል። ብሩክታይት ጀርባውን በጥፍሯ ፋቀችው። ጥቁር ጭቃ ብቻ። ከዚያ ገደሉን ወርዳ የሦስቱን ጀርባ ፋቀች። ከጥቁሩ ጭቃ ሥር እንደ ሲሚንቶ የደረቀ ነጭ ዱቄት አገኘች። ሞጣ መውጫ ላይ ለመንገዱ ጥገና ነጭ የድንጋይ ፍጭ ፈሶበታል፤ የራሷም ጫማ በዚያው ነጥቶ ነው የመጣችው።

የወደቀውን ጎማ በሸራ አስጠቅልላ አስጫነችው።

ፋንታን ያገኘችው እስር ክፍል ውስጥ፣ ከንፈሩ አብጦ፣ ሸሚዙ ተቀዶ ነው። ገና ሳትቀመጥ ጮኸባት።

«ገዳይ ልትይኝ ከሆነ የመጣሽው፣ ውጪልኝ! ጠዋት ያሉኝ ይበቃኛል!»

«ልማር ነው የመጣሁ» አለችው። «አንድ ሰው ለአውቶሞቢሉ ጎማና ቸርኬ ሲለውጥ ምን ምኑን ማየት አለበት?»

ትክ ብሎ አያት፤ የምታሾፍበት መስሎት ነበር። አለማሾፏን ሲያይ ግን ሙያው ከቁጣው ቀድሞ ተናገረ።

«አምስት ቀዳዳ ስላለው ብቻ ልክ ነው አይባልም። ቀዳዳዎቹ የተደረደሩበትን ክብ ትለኪያለሽ። የመምህሩ መኪና የጃፓን ሥራ ነው፤ መቶ አሥራ አራት ነጥብ ሦስት ሚሊ ይፈልጋል። አንዳንዱ የጀርመን ግን መቶ አሥራ ሁለት ነው። የሁለት ሚሊ ልዩነት ዓይን አያየውም። በጉልበት ካጠበቅሽው ይገባል። ግን የማጥበቂያው ዳዶ መቀመጫው ላይ አይቀመጥም፤ ስትነጅው ስትነጅው ይላላና ጎማሽን ጥሎሽ ይሄዳል።»

«ጎማውስ?»

«ቁጥሩ መኪናው ከሚፈልገው ጋር መግጠም አለበት። ከዚያ ዕድሜው። ጎኑ ላይ አራት አኃዝ አለ፤ ሁለቱ የተሠራበት ሳምንት፣ ሁለቱ ዓመተ ምሕረቱ በፈረንጅ።» ፋንታ በንዴት ሣቀ። «ያንን ሰውዬ ማን ያታልለዋል? የሂሳብ አስተማሪ ነበረ! አንዱ ጎማ ከሌሎቹ በዓመት ስለሚበልጥ ብቻ አራቱንም አስወረደኝ። መነጽሩን አድርጎ፣ አራቱም ላይ ሃያ ሁለት ሃያ ሦስት የሚል ካላነበብኩ አልገዛም አለ። ከእኔ ጋር ተሰዳድበን ነው የተለያየን። ቁጥሩን በወረቀት ጽፎ ኪሱ ከትቷል።»

ወረቀቱ ከሟች ኪስ ተገኝቷል፤ ብሩክታይት አይታዋለች። በቀጥ ያለ የመምህር ጽሕፈት «2223፣ አራቱም» ይላል።

«ብቻቸውን ነበሩ?»

«አንድ ጎረቤቱ አብሮት ነበረ፤ ሸበቶ፣ ረጅም ሰው። መምህሩ ተራውን የብረት ቸርኬ ነበር የፈለገ። ‹ይኸን ባለ አምስት ጣት ግራጫውን ያዝ፣ መኪናህ ይመርበት› ብሎ ያስለወጠው ጎረቤቱ ነው።»

ሸራውን አስገለጠችለት። ፋንታ ከሱቁ ባስመጣችለት መለኪያ፣ በካሊፐር፣ የቀዳዳዎቹን ክብ ለካ፤ የጎማውን ጎን አነበበ፤ ከዚያ እንደ ሞተ እባብ ወረወረው።

«መቶ አሥራ ሁለት! ዘጠኝ አሥራ አምስት! ይኼ የእኔ ዕቃ አይደለም!»

በሩ ላይ የቆመው ፖሊስ ሣቀ። «ሌባ መቼ የእኔ ነው ብሎ ያውቃል?» አለ። ብሩክታይት አልሣቀችም።

በማግስቱ ሐሙስ ቢቸና ወረደች። የሟች ግቢ ሰፊ ነው፤ በአንድ በር ሦስት ቤት ይገባበታል። አንዱ የመምህሩና የባለቤታቸው የወይዘሮ ማናለሽ፣ ጓሮ ያለው የወይዘሮዋ ወንድም የታደለ፣ ሦስተኛው ደግሞ ጡረታ የወጡት ሾፌር የአቶ ባንተአምላክ ነው። ድንኳን ተጥሏል፤ የሚያለቅስ ሰው ግን ጥቂት ነው።

ወይዘሮ ማናለሽ ከመቀመጫቸው አልተነሡላትም።

«ምን ልበልሽ? ወንድሜን ሊያሳስር ሲሄድ እግዚአብሔር መንገድ ላይ ፈረደበት።»

ነገሩ እንዲህ ነበር። ሰኔ ላይ፣ ገና ሲነጋጋ፣ የታደለ የጭነት መኪና ሞጣ መግቢያ ላይ አገሬ የምትባል የልጆች እናት ገጭቶ ገደለ። ታደለ መሪው ላይ ሰክሮ እንደተኛ ተያዘ፤ በዋስ ወጣ። መምህር ሀብተ ሥላሴ በዚያ ጠዋት ለማኅሌት ሞጣ አድረው ኖሮ አደጋውን አይተዋል። ቤተ ዘመድ ሁሉ እግራቸው ላይ ወድቆ «ዝም በሉ» ቢላቸው፣ «ያየሁትን ለችሎት እናገራለሁ» ከማለት በቀር ቃል አልተነፈሱም። ችሎቱ የተቀጠረው ለዛሬ ሐሙስ ነበር፤ በምስክሩ ሞት ተራዘመ።

«ሁለት ወር ሙሉ አብሬው ገበታ አልቀረብኩም» አሉ ወይዘሮዋ። «ጻፊው። አላፍርበትም።»

«ማክሰኞ መኪናው የት ነበር?»

«እዚሁ። እሱም እኔም ከቀትር እስከ ዘጠኝ ሰዓት የፍልሰታ ቅዳሴ ላይ ነበርን፤ እሱ በወንዶች በር፣ እኔ በሴቶች በር።»

ታደለ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ጠበቃት።

«ብገድለው ደስ ይለኝ ነበር» አላት ዓይኗን እያየ። «ግን ጎማ ፈትቶ መግደል የፈሪ ሥራ ነው።»

«ጎማ መፈታቱን ማን ነገረህ?»

«ድንኳኑ ሁሉ የሚያወራው ምን ይመስልሻል? ማክሰኞ ቀን ተኝቼ ነበር። ከሰኔ ወዲህ ከመተኛት ሌላ ሥራ የለኝም። ያቺ ሴትዮ ከዓይኔ አትጠፋም፤ ስገጫት ግን አላስታውስም። ገባሽ? ገድያት አላስታውስም!»

አቶ ባንተአምላክ ብቻ ወንበር አቀረቡላት። «አይ ጓደኛዬ!» አሉ ራሳቸውን እየነቀነቁ። «አብሬው ሄጄ እንኳ አላዳንኩትም። እኛ ቸርኬውን አምነን ገዛን፤ ያ ጎማ ሻጭ አንዱን የሌላ አገር ቀላቅሎ ሰጠን። ማክሰኞም አብረን ቅዳሴ ቆመን…» እንባቸው መጣ።

ብሩክታይት ግን የምታየው ከአጥሩ ሥር የቆመውን የእርሳቸውን አሮጌ የጀርመን አውቶሞቢል ነበር። ባለ አምስት ጣት፣ ግራጫ ቸርኬ አለው።

«ከመቼ ወዲህ ነው የቆመው?»

«ከግንቦት ጀምሮ ንቅንቅ አላለም። ሞተሩ ሞቷል።»

የክረምቱ ሣር ሦስቱን ጎማዎች እስከ ወገባቸው ውጧቸዋል። የአራተኛው ጎማ ሣር ግን ከሥሩ ተደፍጥጦ ተኝቷል፤ ገና አረንጓዴ ነው። ብሩክታይት ምንም ሳትል አመሰገነቻቸውና ወጣች። በዚያው ቀን ወደ ሞጣ ተመልሳ ዐቃቤ ሕጉ ዘንድ ገባች፤ መምህሩ በችሎቱ ቀን እንዲከፈት ብለው በታሸገ ፖስታ የሰጡትን የጽሑፍ ቃል ጠይቃ ሁለት ጊዜ አነበበችው።

ዓርብ ጠዋት ሁሉንም ድንኳኑ ሥር ሰበሰበቻቸው። ፋንታ በካቴና ታስሮ ሲገባ ለቀስተኛው አጉረመረመ። ወይዘሮ ማናለሽ ተነሥተው ፊቱ ላይ ተፉበት። ፋንታ እጁ ታስሯልና አልጠረገውም።

«ይቀመጡ» አለች ብሩክታይት። ሸራውን ገለጠችና ጎማውን መሬት ላይ አኖረችው። «ይኼ ነው የገደላቸው። ከሦስቱ ጋር መንታ ይመስላል፤ ግን አይደለም። የሦስቱ ቸርኬ ልክ ለመምህሩ መኪና የተሠራ ነው። ይኼ በሁለት ሚሊ ይጠባል። በጉልበት ገባ፤ ቁልቁለቱ ላይ ዳዶዎቹ ለቀቁ።»

«እኮ! እሱ ነው የሸጠለት!» አለ አንድ ሰው ከኋላ።

«መምህሩ የአራቱንም ጎማ ዕድሜ በመነጽር አንብበው፣ በእጃቸው ጽፈዋል። ወረቀቱ ይኸውና፤ ሃያ ሁለት ሃያ ሦስት፣ አራቱም። የዚህን ጎን አንብቡ፤ ዘጠኝ አሥራ አምስት። ከእነዚያ በስምንት ዓመት የሚበልጥ አሮጌ ጎማ ነው። እናንተ ታውቋቸዋላችሁ፤ እኒያ ሰው ይኼን ይገዛሉ?»

መምህሩን የሚጠሏቸውም ቢሆኑ ያውቋቸዋል።

«ከዚያ ደግሞ ጭቃው። ቅዳሜ ከሞጣ ሲመለሱ በነጩ ፍጭ ላይ አልፈዋል። ሦስቱ ጎማዎች ነጩን ከጥቁሩ ጭቃ ሥር ይዘውታል። ይኼ ቅንጣት ነጭ የለበትም። ረቡዕ ነጩ መንገድ ጋ ሳይደርሱ ነው የሞቱት። ስለዚህ ይኼ ጎማ ከሞጣ አልመጣም። የገባው እዚሁ ግቢ ውስጥ ነው፤ ማክሰኞ፣ እርሳቸው ቅዳሴ ላይ ሳሉ።»

ዓይን ሁሉ ወደ ታደለ ዞረ። ታደለ ብድግ አለ። «ምን ታዩኛላችሁ?»

«ተቀመጥ» አለችው። «አንተ ምክንያት አለህ፤ እኅትህም አላቸው። ግን መንታ የሚመስል ጎማ ከየት ታመጣለህ? ገዳዩ ይኼን ጎማ አስቀድሞ ነበረው። መምህሩም እሱን የሚመስል እንዲገዙ ያደረገው ራሱ ነው። ፋንታ፣ ባለ አምስት ጣቱን ማን አስመረጣቸው?»

ፋንታ በአገጩ አመለከተ። «እኒያ ሽማግሌ።»

አቶ ባንተአምላክ ፈገግ ለማለት ሞከሩ። «ልጄ፣ ጌጥ መምከር ወንጀል ሆነ?»

«አይደለም። ግን ትናንት ‹አንዱን የሌላ አገር ቀላቅሎ ሰጠን› አሉኝ። አንዱ ብቻ የሌላ አገር ልክ መሆኑን ከእኔ፣ ከፋንታና በሩ ላይ ከቆመው ፖሊስ በቀር ያወቀ አልነበረም። ፖሊሱም ከእስር ቤቱ በር አልተነሣም። ሌላው ሁሉ የሚያወራው ልኩ ያልሆነ ቸርኬ ተሸጠላቸው ብሎ ብቻ ነው። ማክሰኞ አብረን ቅዳሴ ቆምን ቢሉም በወንዶች በር የቆሙት አላዩዎትም። መኪናዎም ከግንቦት ጀምሮ ንቅንቅ አላለም ብለውኛል። ታዲያ የአንዱ ጎማ ሣር ለምን በዚህ ሳምንት የተደፈጠጠ ይመስላል?»

ወደ ፖሊሶቹ ምልክት ሰጠች። አሮጌውን መኪና በክሪክ አነሡት። አራተኛው ጎማ ሁለት ቡሎን ብቻ ነበር የያዘው፤ ሌሎቹ አልገቡለትም። ፋንታ ጎኑን ዝቅ ብሎ አነበበ።

«ሃያ ሁለት ሃያ ሦስት። ይኼ ነው የእኔ። ጀርባውንም እዩት፤ ነጭ ነው።»

አቶ ባንተአምላክ ወደ በሩ አንድ እርምጃ ሄዱ። በሩ ላይ ሰው ቆሟል።

«ለምን?» አሉ ወይዘሮ ማናለሽ። «አንተን ምን አደረገህ? እሱ የተነሣው በወንድሜ ላይ ነው!»

«አይደለም» አለች ብሩክታይት። የመምህሩን ቃል ከቦርሳዋ አውጥታ አነበበች። «‹መኪናው ሴቲቱን ሲገጭ መሪ የያዘው ባንተአምላክ ነበር። ታደለ ከጎኑ ሰክሮ ተኝቷል። ባንተአምላክ ወረደ፤ ታደለን ጎትቶ መሪው ላይ አስቀመጠውና በድንግዝግዙ ሄደ። ይህን በዓይኔ አይቻለሁ።›»

ታደለ መዳፎቹን ገልጦ አያቸው፤ አዲስ እጅ የተሰጠው ይመስል ነበር። «እኔ አይደለሁም?» አለ። «እኔ አልገደልኳትም?» ከዚያ የአቶ ባንተአምላክን አንገት ሊይዝ ዘለለ፤ ሦስት ፖሊስ ነው የመለሰው።

አቶ ባንተአምላክ ከዚህ በኋላ ሐዘን አላስመሰሉም። «ሁለት ወር ሰጠኝ!» ብለው ጮኹ። «እንደ ተማሪ ቀጠሮ ሰጠኝ! ‹ራስህ ግባ፣ እኔ ሳልናገርብህ› እያለ! ጎማ እንግዛ ብሎ ሞጣ ድረስ ወስዶኝ መንገዱን ሙሉ ስለ ንስሓ ሰበከኝ። በስተርጅና እስር ቤት ልሙት? ለአንድ ሰካራም ብዬ?»

በካቴና ወሰዷቸው። የፋንታ ካቴና ተፈታ።

ወይዘሮ ማናለሽ ቆመው ቀርተዋል። «ለእኔ ለምን አልነገረኝም?» አሏት ብሩክታይትን፤ ጥያቄያቸው ጥል ነበር። «አብሮኝ እየኖረ፣ እየጠላሁት እያየ?»

ብሩክታይት ወረቀቱን አልሰጠቻቸውም፤ የመጨረሻውን መስመር ብቻ አነበበችላቸው። «‹እስከ ችሎቱ ድረስ ባለቤቴ እንዳትሰማ እለምናለሁ። ከሰማች ለወንድሟ ትነግረዋለች፤ እሱም ባንተአምላክን ይገድልና በእውነት ነፍሰ ገዳይ ይሆናል። እኔን ብትጠላኝ ይሻላል።›»

ወይዘሮዋ በነጠላቸው ጫፍ የፋንታን ፊት ሊጠርጉ ቀረቡ። «ይቅር በለኝ» አሉት።

ፋንታ ፊቱን አዞረ። «እኔን ይተዉኝ፤ ይቅርታዎን ለሚገባው ይውሰዱለት» ብሎ በሩን ወጣ።

ወይዘሮ ማናለሽ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ለበሱና ባላቸው ወደተቀበሩበት ቤተ ክርስቲያን መንገድ ጀመሩ። ታደለ ሊደግፋቸው ሮጦ ደረሰ። ዞር ብለው አዩት።

«አብረኸኝ አትምጣ» አሉት። «እኔ ብቻዬን ነው የበደልኩት፤ ብቻዬን እሄዳለሁ። አንተ ስመለስ የራስህን ይዘህ ትሄዳለህ።»