መኪና የሚዞሩት ጄኔራል

ቮልስዋገኗ ላፍቶ የጤፍ ማሳ ዳር ቆማለች። ሞተሯ አልጠፋም።

ሻለቃ ደገፋ ከውስጥ ሆኖ ፈንጂ ያለበትን ካርቶን በመስኮት ለጭልፊት አቀበለው።

«ጭልፊት፣ ከወንበርህ ስር አድርገው። ከመኪናው ሆድ እንዳታስረው፤ ሰውዬው መኪናውን ዞሮ ሳያይ አይገባም።»

«ሰዓቱስ?»

«ለአራት ሰዓት ሞልቼዋለሁ። ከዚያ በፊት ሲጋራ ልግዛ ብለህ ውረድ። እኔ ብስራተ ገብርኤል ሆኜ ስታልፉ አያለሁ።» ትከሻውን ያዝ አደረገው። «ለወንድምህ ነው።»

ወንድሙ ሻምበል ወጋየሁ ኦጋዴን ላይ ከነጄቱ ተከሰከሰ። አብሮት የበረረው ግዛው ግን ተመለሰ፤ ተሸለመ፣ ተሾመ፣ በመጨረሻም የአየር ኃይል አዛዥ ሆነ። «ጥሎት ሸሸ» ብሎ የነገረው ደገፋ ነው። ጭልፊት በዚያች ቃል ደህንነት ገባ። ሮበሌ በሚል የሐሰት ስም የጄኔራሉ ሾፌር ሆነ። በየጠዋቱ የሚጠላውን ሰው በር ይከፍታል፤ አንጀቱ እያረረ ፈገግ ይላል።

መካኒሳ። ጄኔራል ግዛው ከቪላው ወጣ። ስሙ የተቀረጸበትን የቆዳ ቦርሳ ሰጠውና መኪናውን መዞር ጀመረ። ጎማዎቹን ጫን ጫን አደረገ። ጎንበስ ብሎ ከስር አየ።

ከዚያ የሾፌሩን በር ያዘ።

ካርቶኑ ከወንበሩ ስር ነበር።

«ጥሩ ነው። እንሂድ» አለ ጄኔራሉ፣ በሩን ለቆ።

መንገድ ላይ ጭልፊት አላስቻለውም። ሊሞት ያለውን ሰው ድምፅ መስማት አማረው።

«ጓድ ጄኔራል፣ ይሄ እኮ መኪና ነው። አውሮፕላን ይመስል ለምን ይዞሩታል?»

«ጓደኛዬ ነው ያስለመደኝ፤ ወጋየሁ። የእኔንም ጄት ይዞርልኝ ነበር። የመጨረሻዋ ቀን የራሱን ሲዞር ዘይት ሲያፈስ አገኘውና አልበርም አለ። ካድሬያችን ሽጉጥ መዘዘበት። ‹ፈሪ! አሻጥረኛ!› አለው። በረረ። ከጎኑ ሆኜ ሲቃጠል አየሁት።»

«ካድሬው ማን ነበር?»

«ደገፋ ይባላል። ዛሬ ስብሰባው ላይ ስሙን አነሳለሁ።»

ጭልፊት እስከዚያች ቀን በአፉ እንጂ በልቡ አንቱ ብሏቸው አያውቅም ነበር።

«ጎማ የተነፈሰ መሰለኝ» ብሎ አቆመ። ካርቶኑን ይዞ ከኋላ ሄደና ከፈተው።

ሰዓቱ የተሞላው ለሦስት ተኩል ነው።

አራት አይደለም። ደገፋ እሱንም አብሮ ሊያጠፋው ነው። ጥቂት ደቂቃ ቀርቷል።

ካርቶኑን ከመኪናው ኋላ ባገኘው ቦርሳ ውስጥ ከተተው። የጄኔራሉ ነበር። ፊት ለፊት ብስራተ ገብርኤል ነው፤ ባህር ዛፎቹ ስር የደገፋ ቮልስዋገን ለብቻዋ ቆማለች።

ደገፋ ሲያየው ፊቱ ተለዋወጠ።

«እዚህ ምን ትሠራለህ? ተመለስ! መኪናው ውስጥ ግባ!»

«አራት ሰዓት ገና ነው፣ ጓድ ሻለቃ። ምን አስቸኮለዎት?»

ጭልፊት ቦርሳውን ከፍ አድርጎ አሳየው።

«ቦርሳቸውን አምጥቼልዎት ነው።»

ደገፋ ዓይኑን ከጄኔራሉ መኪና አልነቀለም። «ኋላ ወርውረውና ሂድ!»

ወረወረ። ሄደ።

ብዙ ሳይነዱ ከኋላቸው ምድር ተናወጠች።

«ምንድን ነው?» አሉ ጄኔራሉ።

«እንጃ፣ ጓድ ጄኔራል።»

አንጀቱ ቅቤ ጠጣ።

ደስታው ምሳ ሰዓት እንኳ አልደረሰም። ከቮልስዋገኗ ፍርስራሽ የቦርሳው ክዳን ተገኘ፤ የጄኔራል ግዛው ስም አልተቃጠለም። ከስብሰባው አውጥተው ወሰዷቸው። ሾፌራቸውንም ፈለጉ፤ ሮበሌ የሚባል ሰው ግን የለም። ጭልፊት እጁን ቢሰጥ ያተርፋቸው ነበር። ፈራ። ከሳምንት በኋላ ሬዲዮ «አብዮታዊ እርምጃ ተወሰደባቸው» አለ።

ዛሬ ሀና ማርያም አጠገብ አንድ ጎሚስታ አለ። ስሙን የሚጠይቀው የለም። መኪና ሲመጣለት መጀመሪያ ይዞረዋል፤ ጎንበስ ብሎ ከስር ያያል።

«ኧረ ጎማው ብቻ ነው! አውሮፕላን አደረግኸው እንዴ?» ይሉታል ባለታክሲዎቹ።

«አለቃዬ ናቸው ያስለመዱኝ» ይላል። የት እንዳሉ ሲጠይቁት ጎማውን መፍታት ይጀምራል።