አንጓውን ብቻ

ምንይሉ የሠራውን ፊልም ሊያስቀናብር ከቢቸና ሞጣ የመጣ ዕለት፣ የሰርግ ቪዲዮ የምታቀናብረው ጸደንያ እጇን ዘረጋችለት። እሱ ግን መዳፉን ጨብጦ አንጓውን ሰጣት፤ እጁን ወጥ የነካው ሰው እንደሚያደርገው።

«ከምሳ ነው የተነሳኸው? ምነው ሳታጎርሰኝ!» ብላ ሳቀች።

በሳምንቱም አንጓውን ሰጣት። ከዚያም በኋላ እንዲሁ።

«ቢቸና ማዕድ አይነሳም እንዴ?» ትለዋለች። እሱ አንገቱን ይደፋል።

ያመጣው የሙከራ ፊልም ነው። ንግግር የለው፣ ፊት የለው። አንድ እጅ ብቻ ነው፤ ያልበዋል። ወረቀት ሲይዝ ቀለሙ ይፈሳል፤ መስታወት ሲነካ መዳፉ ታትሞ ይቀራል፤ የላቡ ጠብታ ሲወርድ ቆርቆሮ ላይ እንደሚያርፍ ዝናብ ይጮኻል።

«ታሪኩ የታለ?»

«ይኼው ነው። ሌላው ሰው ስለ ጨዋታው ሲያስብ፣ እሱ ስለ እጁ ያስባል።»

«እጁ የማን ነው?»

«የ... ተዋናይ ነው።»

ወራት አለፉ። ጸደንያ የሰርግ ቪዲዮ ስትሠራ ሙሽሮቹ እጅ ለእጅ የተያያዙበት ጋ ስትደርስ ምስሉን ታቆመዋለች፤ ሥራዋን ረስታ ታየዋለች።

የፊልሙ ቅንብር ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው፣ አንድ ቀን ምንይሉ ሊሰናበታት ተነሳ።

«ዛሬስ ደህና አድርገህ ጨብጠኝ» አለችው በሩ ላይ።

ዓይኑ እንባ አቀረረ። አንጓውን ዘረጋ።

«ለካስ ትጠየፈኛለህ!»

ፊቱን አዙሮ ሄደ።

በማግስቱ ፊልሙን ለመጨረሻ ጊዜ ስታየው እጁ አንዴ ተገለበጠ። እስከዚያ ዓይኗ መዳፉ ላይ ብቻ ነበር። አሁን አንጓው ላይ ባቄላ የምታህል ጠባሳ አየች። ያችን ጠባሳ ሰላም ባለችው ቁጥር በአውራ ጣቷ ዳብሳታለች።

ስልክ ደወለች። «ፊልምህን ራሴ አመጣዋለሁ፤ መናኸሪያ ጠብቀኝ።»

ቢቸና ስትደርስ ቆሞ ይጠብቃት ነበር።

«እጁ ያንተ ነው» አለችው።

እጁን ወደ ኋላው ሸሸገ።

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ብነግርሽ አዝነሽልኝ ትጨብጪኛለሽ ብዬ ፈራሁ።»

«ይኼን ሁሉ መንገድ አዝኜ አይደለም የመጣሁት፤ ተናድጄ ነው። አምጣ!»

መዳፉን ሱሪው ላይ ጠረገ። ወዲያው ወረዛ። ዳግም ሊጠርገው ሲል ቀደመችውና ጣቶቿን በጣቶቹ መካከል አስገባች። አልለቀቀችውም። ላቡ መዳፏን አራሰው።

«ሞጣ! ሞጣ አንድ ሰው!» የሚኒባሱ ረዳት አጠገባቸው መጥቶ ቆመ። «እህቴ፣ ሂያጅ ነሽ?»

ምንይሉ ቀደማት።

«አይደለችም» አለው።