የአበልጅ ቸርኬ

ሰኞ ዕለት ኢንስፔክተር ቪዶሳቫ ሉኪች ገደሉ ጫፍ ስትደርስ አስከሬኑ ገና ከመኪናው አልወጣም ነበር። ከባይና ባሽታ ወደ ታራ ተራራ በሚወጣው መንገድ፣ ሰባተኛው መታጠፊያ ላይ፣ ሠላሳ ሜትር ያህል ወደ ታች፣ አንዲት ትንሽ ነጭ መኪና በጣሪያዋ ተገልብጣ የጥድ ግንድ ተደግፋለች። ውስጧ ያለችው ራዶይካ ኮስቲች ናት፤ በየሳምንቱ ሰኞ ተራራው ላይ ለሚኖሩ አቅመ ደካሞች መድኃኒት የምታደርስ፣ ቁስላቸውን የምታጥብ የአርባ ስምንት ዓመት ነርስ። በአካባቢው የማያውቃት ሰው አልነበረም።

«አደጋ ነው» አለ ትራፊክ ፖሊሱ። «የፊት ግራ ጎማዋ ወልቆ ነው። ጎማውም የለም፤ ተንከባሎ ጅረቱ ውስጥ ገብቷል።»

«ፈልጉት።»

«እመቤቴ፣ ጅረቱ እኮ ሞልቷል! ጎማው ምን ያደርግልናል?»

«ሰው ገድሎ ዝም ብሎ ይውረድ?» አለችና ጉልበቷን እያመማት ቁልቁል ወረደች።

ጎማው የነበረበትን ሞዞ ጎንበስ ብላ አየችው። ከአራቱ ቡሎኖች ሁለቱ እዚያው ተሰብረው ቀርተዋል፤ የሁለቱ ቀዳዳ ባዶ ነው። የጠፉትን ሁለቱን ፖሊሶቹ አንድ ኪሎ ሜትር ወደ ታች አስፋልቱ ላይ አገኟቸው። ሳይሰበሩ፣ ራሳቸው ተፈተው የወደቁ ናቸው። ቪዶሳቫ ከኋላ ጎማ አንድ ቡሎን አስፈትታ ከእነሱ ጋር መዳፏ ላይ አስቀመጠችው። የኋላው ቡሎን አንገቱ ላይ ለብቻው ወዲያ ወዲህ የሚንሸራተት ቀለበት አለው። አስፋልቱ ላይ የወደቁት ግን ተራ፣ ወጥ ብረት ናቸው።

የመኪናዋን ወረቀቶች ከመሳቢያው አውጥታ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችና ወደ ከተማ ተመለሰች።

ጎሚስታው ኦብራድ ገና ከበሩ ሲያያት ጎማ መንቀሉን ትቶ እጁን ሱሪው ላይ ጠረገ።

«እኔ ነኝ የገደልኳት ሊሉኝ ነው የመጡት?»

«ጎማዎቿ የተገጠሙበትን ቸርኬ ያሰርክላት አንተ ነህ?»

«በመጋቢት ነው ያሰርኩላት። የልጇ የስታሜና የክርስትና አባት፣ ስቬቶዛር፣ የመኪና መንዳት አስተማሪው፣ ስጦታ ብሎ አመጣላት። አሮጌ መኪናውን ባለፈው ጥቅምት አጋዘን ገጭቼ አበላሸሁት ብሎ ለቁራሌ ሲሸጥ ቸርኬዎቹን አስቀርቶ ነበር። እሱ እንደሆነ ምንም ነገር አይጥልም።»

ቪዶሳቫ ቡሎኖቹን ጠረጴዛው ላይ ደረደረችለት። ኦብራድ ባለቀለበቱን አንስቶ በአውራ ጣቱ አንቀሳቀሰው።

«ይኸው የኔ ሥራ። ሰው ቸርኬ ሲመርጥ ውበቱን ያያል እንጂ ቀዳዳውን አያይም። የሷ መኪና አራት ቡሎን የሚገባበት ክብ ስፋቱ ዘጠና ስምንት ሚሊ ሜትር ነው። ቸርኬው መቶ ነው። የመሃል ቀዳዳውና ጥልቀቱ ይስማማል፣ ጎማውም መከለያውን አይነካም፤ ሁለቷ ሚሊ ግን ትቀራለች። እቺ ቀለበት ተንሸራታ ሁለቷን ሚሊ ታቻችላለች።»

«ተራ ቡሎን ቢገባስ?»

«ይገባል። ጉዱ ያለው እዚያ ነው! ይጠብቃል፣ ሲያዩትም ደህና ይመስላል። ግን አንዱ ብቻ ነው በትክክል የሚቀመጠው። ሌሎቹ ተጣመው ነው የሚይዙት። ከተማ ውስጥ ጥቂት ይቆይ ይሆናል፤ ተራራና መታጠፊያ ከመጣ ግን ያበቃለታል።»

«ባለቀለበቶቹን ማን መርጦ አመጣ?»

ኦብራድ ጭንቅላቱን አከከ። «ባሏ ቲሆሚርና ስቬቶዛር አብረው ነው የመጡት። አንዳቸው በፌስታል ሰጡኝ። የትኛው እንደነበር... ያን ቀን ስድስት መኪና ቆሞብኝ ነበር፣ ከዋሸሁ ይቅሰፈኝ።»

ባለፈው ቅዳሜና እሁድ ኦብራድ ኖቪ ሳድ የወንድሙ ሠርግ ላይ ነበር። መቶ ሰው ሲጨፍር አይቶታል።

ቲሆሚር ኮስቲች እንጆሪ አምራች ነው። ቪዶሳቫ ቤቱ ስትደርስ ለለቀስተኛ የቀረበ የራኪያ አረቄ ፊቱ ተቀምጦ አልነካውም። አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሞላት ልጁ ስታሜና አጠገቡ ተቀምጣ የእናቷን ሹራብ ታጥፋለች፤ ትዘረጋዋለች፤ መልሳ ታጥፋለች።

«እሁድ ማታ ስትጮሁ ጎረቤት ሰምቷል» አለች ቪዶሳቫ።

«ጮኸናል፤ ምን እክዳለሁ?» አለ። «አንድ ሳምንት ሙሉ ምግብ አልቀምስ አለች። ምን ሆንሽ ስላት ‹ከአበልጃችን ጋር እየተነጋገርኩበት ነው፣ እርግጠኛ ስሆን እነግርሃለሁ› አለችኝ። ባሏ እዚህ ተቀምጬ! እንዴት አልጮህ?»

«ከስቬቶዛር ጋር ሌላ ነገር አለ ብለህ ጠረጠርክ?»

ሰውዬው ቀና ብሎ አያት። «ከእሱ ጋር? እመቤቴ፣ እሱ እኮ ሚዜዬ ነው። ልጄን ክርስትና ያነሳ ሰው ነው። ራሴን እጠረጥራለሁ እንጂ እሱን አልጠረጥርም።»

«ባለቀለበቶቹን ቡሎኖች የመረጥከው አንተ ነህ?»

«እኔ? እኔ ትራክተሬ ሲበላሽ በእርግጫ የምመታ ሰው ነኝ። ሁሉንም የመረጠው እሱ ነው።»

«ቅዳሜ መኪናዋ የት ነበረች?»

«እናቴ ኡዢትሴ ደርሳ መጣች» አለች ስታሜና። «ተራራውን አቋርጣ ሄደች፣ ተመለሰች። ምንም አልሆነችም። እሁድ የልደቴ ምሳ ስለነበረ እዚሁ በር ላይ ቆማ ዋለች።»

«ማንም አልነዳትም?»

«ዳቦ አልቆ የክርስትና አባቴ ሊያመጣ ወጣ። የእሱን መኪና ሌላ እንግዳ ዘግቶበት ስለነበር የእናቴን ይዞ ሄደ። ግማሽ ሰዓት ያህል ቆየ፤ ሾርባው ቀዘቀዘ ብለን ሳቅንበት።»

ስቬቶዛር የጋራዡን በር ከፍቶ ተቀበላት። ሃምሳ ሁለት ዓመቱ ነው፤ ሸሚዙ ተተኩሷል፣ ዓይኖቹ ቀልተዋል። ግድግዳው ላይ እያንዳንዱ መፍቻ በየመጠኑ ተሰቅሏል፤ መደርደሪያው ላይ ያረጁ ቡሎኖችና ሽቦዎች በማርማላታ ጠርሙሶች ተለይተው ተቀምጠዋል።

«እህቴ ነበረች» አለ ድምፁ እየተቆራረጠ። «ቸርኬውን ባልሰጣት ኖሮ...»

«ከአንተ ጋር የምትነጋገርበት ጉዳይ ነበራት። ምን ነበር?»

«ይህን ባልናገር ይሻለኝ ነበር። ከቲሆሚር ጋር መኖር መሯት ነበር። ልትለየው ፈልጋለች። እሱም ሳያውቅ አይቀርም።»

«ቡሎኖቹንስ ማን መረጠ?»

«ቲሆሚር ነዋ። እኔ የሰጠሁት ቸርኬውን ብቻ ነው። እኔ ስለ ቡሎን ምን አውቃለሁ? ቡሎን ያው ቡሎን ነው።»

ቪዶሳቫ ተሰናብታው ወጣች። ከሁለቱ ወዳጆች አንዱ ይዋሻል። ሁለቱም አልቅሰዋል፤ እንባ ደግሞ ለማንም ይመጣል።

ረቡዕ ዕለት ቪዶሳቫ፣ ራዶይካ ከመሞቷ ከሳምንት በፊት በነበረው ሰኞ መጨረሻ የጎበኘቻትን ሴት ፍለጋ ተራራው ላይ ወጣች። አሮጊቷ ክሩና እግሯን በጨርቅ ጠቅልላ በረንዳዋ ላይ ተቀምጣ ነበር። ባሏ ሚለንቲዬ ባለፈው ጥቅምት ብስክሌቱን ሲነዳ አንድ መኪና ገጭቶት አመለጠ፤ ገዳዩ እስካሁን አልታወቀም።

«ራዶይካ እዚሁ ግቢ ውስጥ መኪናዋን ስታጥብ ነበር» አለች ክሩና። «ጭቃ ነበራ። ድንገት ቁጢጥ ብላ ቀረች። ‹እማማ፣ ነይማ እዪ› አለችኝ። የፊተኛው ቸርኬ ጠርዙ ወደ ውስጥ ታጥፏል፤ እጥፋቱ ውስጥ ሰማያዊ ቀለም ተጣብቋል። ሚለንቲዬ ብስክሌቱን የቀባበት የመስኮቱ ቀለም። ይኸው መስኮቱ፤ እዪው።»

«ፊተኛው፣ በየትኛው በኩል?»

«በሾፌሩ በኩል።»

«እሷስ ምን አለች?»

«ፊቷ አመድ መሰለ። ‹ለማንም አትንገሪ፣ መጀመሪያ አበልጄን ልጠይቀው። እሱ ክፉ ሰው አይደለም፤ አንድ ምክንያት ይኖረዋል› አለችኝ።» አሮጊቷ በሻርፗ ጫፍ አፍንጫዋን ጠረገች። «ምን ላድርግ ልጄ፣ እኔም ዝም አልኩ።»

ያን ቀን ከሰዓት በኋላ ጠላቂዎች ጎማውን ከጅረቱ ሥር፣ ከሁለት ድንጋዮች መሃል አወጡት።

ሐሙስ ጠዋት ቪዶሳቫ ሁሉንም በኦብራድ ጋራዥ ሰበሰበቻቸው። ቲሆሚርና ስታሜና ጎን ለጎን ቆሙ፤ ስቬቶዛር ከኋላቸው ሆኖ እጁን የቲሆሚር ትከሻ ላይ ጣል አድርጓል። ከጅረቱ የወጣው ጎማ ወለሉ ላይ ተጋድሟል፤ ሁለት ፖሊሶች በሩ ላይ ናቸው።

«ራዶይካን የገደሏት እነዚህ ናቸው» አለች ተራዎቹን ቡሎኖች እያሳየች። «ሦስቱ ጎማዎች በትክክለኛው ቡሎን ታስረዋል። አራተኛው በተራ። ኦብራድ ተሳስቶ ነው እንዳንል፣ ይህ ቸርኬ በተራ ቡሎን አምስት ወር አይቆይም። ቅዳሜ ተራራውን አቋርጣ በሰላም ተመልሳለች። ስለዚህ ቡሎኖቹ የተቀየሩት ከቅዳሜ ማታ እስከ ሰኞ ጠዋት ባለው ጊዜ ነው። ኦብራድ ያኔ ኖቪ ሳድ ነበር።»

«ተመስገን» አለ ኦብራድ ሳያስበው፤ ወዲያው አፈረ።

«መኪናዋን መንካት የቻሉት ሁለት ሰዎች ናቸው። ቲሆሚር፣ መኪናዋ በሩ ላይ ያደረችበት። ስቬቶዛር፣ ዳቦ ሊያመጣ ይዟት የሄደ። መኪና ማንሻ ክሪክ እንኳ አያስፈልግም፤ አንድ በአንድ እየፈቱ መተካት አሥር ደቂቃ አይፈጅም።»

«እመቤቴ፣ እኔ አልነካኋትም» አለ ቲሆሚር።

«አውቃለሁ። ራሴን የጠየቅኩት ለምን የፊት ግራው ብቻ ተመረጠ ብዬ ነው።» ጎማውን ወደ ብርሃኑ አዞረችው። በታጠፈው ጠርዝ ውስጥ ጥፍር የማታክል ሰማያዊ ታየች። «የሚለንቲዬ ብስክሌት ቀለም ነው። ትናንት ከመስኮቱ ቀለም ጋር አስተያይተነዋል። ገዳዩ ቀለሙን ያየችውን ራዶይካንም፣ ያየችበትንም ጎማ ባንድ ጊዜ ገደል ሊከት ፈልጓል። ይህን ቀለም የሚያውቁት ሦስት ሰዎች ናቸው። ክሩና፣ ራዶይካ፣ ራዶይካ የነገረችው ሰው። ለባሏ አልነገረችም፤ የተጣሉትም በዚሁ ነው። የነገረችው ለአበልጇ ነው።»

የስቬቶዛር እጅ ከቲሆሚር ትከሻ ላይ ወረደ።

«ግምት ነው» አለ። «እኔ ስለ ቡሎን የማውቀው ነገር የለም፣ ነግሬሻለሁ።»

ቪዶሳቫ ከቦርሳዋ አንዲት የታጠፈች ወረቀት አወጣች። «ከመኪናዋ መሳቢያ፣ ከመድን ወረቀቷ ጋር ተያይዛ ነበር። ጽሕፈቱን ለተማሪዎችህ ከፈረምክላቸው ወረቀቶች ጋር አመሳክረነዋል። ላንብብላችሁ። ‹ራዶይካ፣ እነዚህን ቡሎኖች በሌላ እንዳትቀይሪ። ቀዳዳው በሁለት ሚሊ ይለያል፤ ተራራ ላይ ይጥልሻል። ጎማ ከቀየርሽ መጀመሪያ ለእኔ ደውዪ። ያንቺው ስቬቶዛር።›»

ወረቀቷን አጥፋ ጎማው አጠገብ አስቀመጠቻት።

«በመጋቢት ይህን ስትጽፍ ልትገድላት አላሰብክም ነበር» አለች ቪዶሳቫ። «ከልብህ ሳስተህላት ነው የጻፍከው። በምን እንደምትሞት የምታውቀውም ለዚህ ነው። ዛሬ ጠዋት ከቤት ከወጣህ በኋላ ጋራዥህን ፈትሸናል። መኪናውን ለቁራሌ ሲሸጥ ቸርኬ የሚያስቀር ሰው አራት ደህና ቡሎን ይጥላል ብዬ አላሰብኩም። አልጣልካቸውም። ከሦስተኛው ጠርሙስ ውስጥ አገኘናቸው፤ አሁንም የመንገዱ አቧራ አለባቸው።»

ስቬቶዛር አጠገቡ ባለው የጎማ ክምር ላይ ተቀመጠ። «ጠጥቼ ነበር» አለ በዝግታ። «ሚለንቲዬን አላየሁትም። ‹ራስህ ሂድና ተናገር፣ እኔም አብሬህ እሄዳለሁ› አለችኝ። አብሬህ እሄዳለሁ! ፈቃዴ ይነጠቃል፣ እታሰራለሁ፣ ሃያ ዓመት ያስተማርኩት ስሜ... ለምን ለእኔ ነገረችኝ? በቀጥታ ለፖሊስ ብትነግር ኖሮ ዛሬ በሕይወት ትኖር ነበር!»

«ያንተ ጥፋት የሷ ሆነ?» አለች ስታሜና። ድምፅዋ ዝቅ ያለ ነበር። «ስለምታምንህ ነው የነገረችህ።»

ቲሆሚር ወደ እሱ አንድ እርምጃ ተራመደ። ፖሊሶቹ ተጠጉ፤ እሱ ግን እጁን አላነሳም።

«ልትለየኝ ነበር ብለህ ተናገርክ አሉኝ» አለ። «እሺ፣ ገደልካት። ከገደልካት በኋላ ስለ እኛ መዋሸት ምን ያደርግልሃል? እኔንም ልታሳስረኝ?»

ስቬቶዛር ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

«ማክሰኞ ሳጥኗን ስንሸከም» አለ ቲሆሚር፣ «አንተ ከፊት በግራ ነበርክ። እግሬ ሲከዳኝ ‹በርታ፣ እኔ ይዣታለሁ› አልከኝ።» ኦብራድ ወንበር አምጥቶ ከኋላው አደረገለት።

ፖሊሶቹ ስቬቶዛርን ይዘው ሲወጡ በሩ ላይ ቆም አለ። በዚያ አገር ለሕፃን ስም የሚያወጣው ክርስትና የሚያነሳው ሰው ነው፤ የስታሜናን ስም የመረጠው፣ ቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ ሦስት ጊዜ ጮክ ብሎ የጠራው እሱ ነበር።

«ስታሜና!» አለ። «ልጄ፣ አንድ ጊዜ እዪኝ!»

ልጅቷ አባቷ አጠገብ ቁጢጥ ብላ የጫማውን ክር ታስርለት ነበር፤ ጠዋት ሳያስረው ነው የወጣው።

«ስታሜና!»

ቋጠሮውን አጠበቀችና ወደ ሁለተኛው ጫማ ዞረች። ኢንስፔክተር ቪዶሳቫ የጋራዡን በር ቀስ ብላ ዘጋችላቸው።