ስንቅ አታምጪ

መምሬ ተስፋው ራሱን ለገደለ ሰው ፍትሐት አላደርስም ብለው የፖሊስ ጣቢያው በር ላይ ቆመዋል። ውስጥ፣ ዕቃ ቤቱ ወለል ላይ፣ ገበሬው አለበል በነጠላ ተሸፍኖ ተጋድሟል። ሚስቱ አቻምየለሽ፣ ባሏ መሞቱ ሳያንስ እንደ ውሻ ያለ ጸሎት ሊቀበርባት ነው።

ምርጫው ባለፈ ሰሞን ነው። አለበል ከቡሬ ወጣ ባለችው በዚህች ትንሽ ከተማ ስብሰባ ላይ የቀበሌ ሹሞችን በመናገሩ ታሰረ። ከፍኖተ ሰላም የተጠራችው መርማሪ ዓባይነሽ የጣቢያውን ኃላፊ ኢንስፔክተር መልካሙን ጠየቀች።

«ተስፋ ቆርጦ ነው» አላት። «ትናንት ልብሱን ለእስረኛ አደለ። ሚስቱንም ‹ከነገ ጀምሮ ስንቅ አታምጪ› አላት። ከዚያ ጋቢውን ቀዶ ተሰቀለ።»

«ፍርድ ቤት ይፈታ ብሎ አልነበረም?»

«ትዕዛዙ ዛሬ ጠዋት ደረሰኝ። ምን ላድርግ፣ ዕድሉ ነው!»

ዕድሉ ነው ይላል እንግዲህ፣ ዓይኑን በጨው አጥቦ።

«እውነት ነው፣ አታምጪ ብሎኛል» አለች አቻምየለሽ። «የጠላኝ መስሎኝ ሳልሰናበተው ሄድሁ።»

ዓባይነሽ ሬሳውን መረመረች። ከማጅራቱ በላይ ክፉኛ አብጧል። የተሰቀለበትን ቅዳጅ ለሚስቱ አሳየቻት።

«ይህማ የፋብሪካ ነው፣ እቴ። የሱን ጋቢ የፈተልሁት እኔ ነኝ።»

በእጅ የተፈተለው ጋቢ ቢሆነኝ በሚባል እስረኛ ትከሻ ላይ ተገኘ።

«አለበል ምን ብሎ ሰጠህ?»

«‹አንተንም ያውጣህ› ብሎ።»

ዓባይነሽ ሁሉንም ግቢው ውስጥ ሰበሰበቻቸው። ክረምቱ አጥንት ይሰብራል፤ የጣቢያው ዘበኛ ባምላኩ ብቻ ያለ ጋቢ ይንቀጠቀጣል።

«መምሬ፣ የሚፈታ እስረኛ ልብሱን ለቀሪ ጓደኛው ትቶ ይወጣል። አለበል ያደለው ሊሞት ሳይሆን ቤቱ ሊገባ ነው። ስንቅ አታምጪ ያለውም ከቤቱ ሊበላ ነው። ስለዚህ መፈታቱን ትናንት ሰምቷል፤ ትዕዛዙም ትናንት እዚህ ነበር።»

«ታዲያ ለምን አልነገረኝም?» አለች ሚስቱ።

«እኔ ነኝ እቴቴ» አለ ባምላኩ። «ትዕዛዙን ኃላፊው ደብቆት ስለነበር በሹክሹክታ ነገርሁት፤ ለማንም እንዳትናገር ብዬ።»

ዓባይነሽ ወደ እሱ ዞረች። «ጋቢውን ከሰጠ፣ የተሰቀለበት የማን ነው? ያንተ የት ሄደ?»

ዘበኛው ተንበረከከ። «ኃላፊው ከትከሻዬ ገፈፈኝ! ሲመሽ አለበል በሩ ላይ ቆሞ ‹ፍርድ ቤት ለቆኛል፣ ክፈቱልኝ› አለ። ኃላፊው ‹እዚህ ፍርድ ቤቱ እኔ ነኝ› ብሎ ገፈተረው። ጭንቅላቱ ከድንጋዩ ተጋጨ፣ አልተነሣም። ከሞተ በኋላ ነው የሰቀለው። ፈርቼ ዝም አልሁ።»

«ከላይ ሳይነገረኝ እንዴት ልልቀቀው?» አለ መልካሙ። ስለ ሟቹ አንድ ቃል አልወጣውም። ዓባይነሽ ሽጉጡን ተቀብላ እጁን በካቴና አሰረችው።

መምሬ ተስፋው አቻምየለሽ እግር ሥር ወደቁ። «ይቅር በይኝ ልጄ። ፍትሐቱን እኔው አደርሳለሁ።»

እሷ ግን አላየቻቸውም። ሰዎች ቃሬዛውን አነሡ፤ ባምላኩም በሩን ወለል አድርጎ ከፈተ።

«ፍርድ ቤቱ ይውጣ ያለው እኮ በእግሩ ነበር» አለች።

ቃሬዛውን ተከትላ ወጣች።