ሦስት ቀን የወረደው ፋይል

ዳይሬክተሩ ሰኞ ጠዋት ከስቱዲዮው ደረጃ ሥር ሞቶ ተገኘ። ራሱ ከኋላ ተፈንክቷል። አራት ዓመት የለፋበት ፊልም ከኮምፒውተሩ ተደምስሷል፤ አንድ ለናቱ የነበረው የፊልሙ ቅጂ ያለበት ዲስክም የለም። በሩ ግን አልተሰበረም። ቁልፉ ያላቸው ሚስቱ፣ ታናሽ ወንድሙና ቪዲዮ ቤት ያለው አብሮ አደጉ ብቻ ናቸው።

ማክሰኞ በፊልሙ ስም የሚወርድ ፋይል ኢንተርኔት ላይ ወጣ። ወንድምየው የዚያኑ ዕለት «ሸጠሽው ነው የገደልሽው» ብሎ ሁለት ልጆቿን ወደ እናቱ ቤት ወሰደባት። ሚስቲቱን ከባሏ ሞት እኩል ያንገበገባት ይሄ ነው።

የተመደበላት መርማሪ ዐይኑን ጨፍኖ ስለሚያዳምጥ ባልደረቦቹ «እንቅልፌ» ይሉታል። ሳሎኗ ገብቶ ሲቀመጥ እሷም ተስፋ ቆረጠች።

«እስኪ ልጄ፣ ፊልሙን አይተሽዋል?»

«የድሮውን። መጨረሻውን በቀደም ቀይሮታል፤ ‹ቅዳሜ ታይዋለሽ› ብሎ ከለከለኝ።»

«የድሮው እንዴት ነበር የሚያልቀው?»

«አባትየው ልጁን ከደጅ ይመልሳታል። በሩን አይከፍትላትም።»

ሐሙስ አብሮ አደጉ ዐይኑ ደም መስሎ መጣ። «እህቴ» ብሎ ትከሻዋ ላይ ተንሰቀሰቀ።

«አዲሱን መጨረሻ ላንተስ አሳይቶህ ነበር?» አለው ሳሎኑ ውስጥ የነበረው መርማሪ።

«ሳያሳየኝም ሳይነግረኝም ሞተ። ከኢንተርኔት አውርጄ ነው ያየሁት። አባትየው በሩን ሲከፍትላት አለቀስኩ።» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «እንግዲህ ለሌቦቹ ማን እንደሰጣቸው…» አለና ሚስቲቱን ሰረቅ አድርጎ አየ። ሰርቆ አብሮ ከሚያፋልግ ሌባ ይሰውረን።

መርማሪው የተኛ ይመስል ነበር።

ቅዳሜ ሦስቱንም ሰብስቦ ኮምፒውተር ከፈተ። «በስልክ መስመር ይህን ለማውረድ ሦስት ቀን ፈጀብኝ። ስሙ የሟች ፊልም ነው። እዩት።»

ሃያ ሁለት ሰዎች ኳስ ያሯሩጣሉ።

«ይሄ ምንድነው ጋሼ?» አለ ወንድምየው።

«ማታለያ ነዋ። ሰው የሚፈልገውን ስም ያገኙት ነገር ላይ ይለጥፉበታል። በዚህ ስም ሌላ ፋይል የለም፤ ፈልጌያለሁ።» ወደ አብሮ አደጉ ዞረ። «አንተ ስሙን አየህና አመንክ። ሦስት ቀን ማን ይጠብቃል? በሩ እንደሚከፈት ግን ከዚህ አላወቅክም። አዲሱ መጨረሻ ያለው በጠፋው ዲስክ ላይ ብቻ ነው። ዛሬ ጠዋት ሱቅህን ፈተሽን፤ ዲስኩን በካርቱን ፊልም ሽፋን ውስጥ አገኘነው።»

ሚስቲቱ ትከሻዋን በእጇ ጠረገች። እንባው አሁንም እዚያው ያለ መሰላት።

አብሮ አደጉ ኩምሽሽ አለ። «ሌላ ቅጂ እንዳይኖር ከኮምፒውተሩ ደምስሼ ለኮፒ ነጋዴዎች ልሸጠው ነበር። ደረጃው ላይ ደረሰብኝና ታገለኝ፤ ገፋሁት። መግደሉን አላሰብኩም።»

«እሱን አምንሃለሁ» አለችው ሚስቲቱ። «መሸጡን ግን በየማታው ከኔ ቤት እራት እየበላህ አስበህበታል። እኔን ደግሞ ከቀበርነው በኋላ ሸጥከኝ።»

ወንድምየው አንገቱን ደፍቶ ተነሣ። «ልጆቹን ላምጣልሽ።»

«አንተ ተቀመጥ፤ እኔው እሄዳለሁ» አለችውና ይቅርታውን ሳትጠብቅ ወጣች።